ሸሀታ በደንብ የተወነበት ቀን

የሸሀታ ገሪብን ፊት የማያውቅ ሰው ካይሮ ውስጥ የለም፤ ስሙን የሚያውቅ ግን ከእኔና ከሚስቱ በቀር ብዙም አልነበረም። ቀብር ላይ ከኋላ ቆሞ የሚነፋረቀው አጎት እሱ ነው። ፍርድ ቤት ውስጥ «ጸጥታ!» ብሎ የሚጮኸው እሱ ነው። ዋናው ተዋናይ በፍቅር ሲንገበገብ በሩን በርግዶ ገብቶ «እናትህ ሆስፒታል ገብታለች» የሚለው ያ ቅንድባሙ ሰውዬም እሱ ነው። መንገድ ላይ ሰዎች ያስቆሙትና «አንተ እኮ... አንተ እኮ ያ...» እያሉ ጣታቸውን ያወዛውዛሉ። እሱም ስሙ ትዝ እስኪላቸው ፈገግ ብሎ ይጠብቃል። ትዝ አይላቸውም። «አዎ፣ እኔ ነኝ» ይልና መንገዱን ይቀጥላል።

እኔ መሕሩስ እባላለሁ፣ የሜካፕ ባለሙያ ነኝ። የሸሀታን ጢም ስለጥፍና ስነቅል ነው ያረጀሁት። አንድ ነገር ተናግሬ ይውጣልኝ፤ ሸሀታ ጥሩ ተዋናይ አልነበረም። ወዳጄ ነው፣ ግን አልነበረም። ሲቆጣም፣ ሲያለቅስም፣ ሻይ ሲያዝም ድምፁ ያው አንድ ነው፤ ባቡር ጣቢያ ውስጥ የመነሻ ሰዓት የሚያነብ ሰው ይመስላል። ታዲያ ለምን ይቀጥሩታል ብትሉ፣ ሰዓት ያከብራል፣ የተሰጠውን ንግግር አንዲት ፊደል ሳያጎድል ሸምድዶ ይመጣል፣ ከዋናው ተዋናይ ፊት አይደነቀርም፣ ፊቱም አንዴ ከታየ አይረሳም። ዳይሬክተሮች ከአንድ ረዳት ተዋናይ ከዚህ በላይ አይፈልጉም። እሱ ግን ይህን አያውቅም። አንድ ትልቅ ሚና ቢሰጡት አገር ጉድ እንደሚል ያምን ነበር። ዕድሜውን ሙሉ ያንን ሚና ሲጠብቅ ኖረ።

ሚስቱ ኢንሺራሕ ትባላለች። የተገናኙት በየአውራጃው እየዞረ በሚያሳይ የቲያትር ቡድን ውስጥ ነው፤ ያኔ እኔም የቡድኑ ፀጉር አበጣሪ ነበርኩ። እሷ መድረክ ላይ ስትወጣ ፍሬ እየቆረጠመ የሚንጫጫው ተመልካች ሁሉ መቆርጠሙን ያቆም ነበር። ከዚያ በላይ ምን ልበላችሁ? ሲተጫጩ ሸሀታ «ለአንድ ቤት አንድ ተዋናይ ይበቃል» አላት። ቀልዱን መስሏት ሳቀች። ቀልዱን አልነበረም። መድረኩን ትታ ገባች፣ ልጃቸውን ነጅላን አሳደገች፣ ድራ ወደ ጠንጣ ከተማ ላከቻት። ከዚያ በኋላ ቀረጻ ባለ ቁጥር በወይን ቅጠል የተጠቀለለ ሩዝ በትልቅ ሰሃን ይዛ ትመጣና ከካሜራው ጀርባ ተቀምጣ ባሏን ታያለች። ወደ ቤት ሲመለሱ «እንዴት ነበርኩ?» ይላታል። «ጎበዝ ነበርክ» ትለዋለች። ሁልጊዜ ይህንኑ ነው የምትለው። እኔ ደግሞ መኪናው ውስጥ ከኋላ ተቀምጬ፣ ይህች ሴት ይህን ከልቧ ልትል አትችልም እያልኩ መስኮቱን አያለሁ።

እንዲህ ሲል ኖሮ አንድ ዓመት የናፈቀው ሚና መጣለት። ለረመዳን የሚተላለፍ ተከታታይ ድራማ ነው፤ ዳይሬክተሩ ሃኒ የሚባል ጎረምሳ ሲሆን አዲስ ፊት ሳይሆን «ሕዝብ አብሮት ያረጀ ፊት» እፈልጋለሁ አለ። ሸሀታን ሐጅ ሪፋዒ አደረገው፤ ጨርቅ ነጋዴ፣ ቤተሰቡን አንቀጥቅጦ የሚገዛ፣ በመጨረሻም አብራው ያረጀችውን ሚስቱን ሰኒያን የሚፈታ ሰው። ሸሀታ ስክሪፕቱን ብብቱ ውስጥ ይዞ ይተኛ ነበር ብትሉኝ አምናለሁ።

ሰኒያን እንድትጫወት የተመረጠችው ተዋናይት ግን አንዲት ትዕይንት ሳትቀረጽ አኮረፈች። ነገሩ ስሟ በመክፈቻው ላይ ለብቻው ይወጣል ወይስ ከሌላ ሰው ስም ጋር ነው የሚል ነበር። በእኛ ሙያ በዚህ ነገር ወንድማማች ተጣልቷል። ጥላ ሄደች። ረመዳን ደርሶ ነበር። ሃኒ ፀጉሩን ሲነጭ አሮጌው የመብራት ሠራተኛ አንዲት የሩዝ ጥቅልል ከአፉ ሳያወጣ ወደ ኢንሺራሕ ጠቆመና «ኡስታዝ፣ ተዋናይ ከፈለግክ ይቺውልህ ምሳ እያደለች» አለው። ሸሀታን ሁሉ ሰው ባለበት ጠየቁት። «ደስ ይለኛል» አለ፣ በዚያው በጣቢያ ድምፁ። ጢሙን እየለጠፍኩለት ነበርና የላይኛው ከንፈሩ ጣቴ ሥር ሲንቀጠቀጥ ተሰማኝ።

የመጀመሪያ ቀን የሰጧት ሥራ ቀላል ነበር፤ የባሏን ሸሚዝ አጥፋ ቁምሳጥን ውስጥ ማስገባት። ኢንሺራሕ ሸሚዙን አጠፈችና ልታስገባው ስትል ቆም ብላ ኮሌታውን አሸተተችው። ይህ ስክሪፕቱ ላይ የለም። ሽታው ምን እንደነገራት ፊቷ ላይ ሁላችንም አነበብን፤ ሰውየው ሌላ ሴት አለችው። ሃኒ «ካት» ማለት ረሳ። ከዚያ ጭብጨባው ቀለጠ። መብራት የያዘው፣ ገመድ የሚጎትተው፣ ሻይ የሚያፈላው ሳይቀር አጨበጨበላት። ሸሀታም አጨበጨበ። በማግሥቱ አብረው ሲቀረጹ ሃኒ «ኡስታዝ ሸሀታ፣ ትንሽ ወደ ግራ ፈቀቅ በልልኝ፤ እሷን ጋርደሃታል» አለው። ሰውየው ከሰው ፊት ባለመደንቀር ስንት ዘመን እንጀራውን በልቷል! እና አሁን በገዛ ሚናው፣ በገዛ ሚስቱ ፊት ተደነቀርክ ተባለ።

ከዚያ ቀን ወዲህ መኪና ውስጥ «እንዴት ነበርኩ?» ማለት ቀረ። አንድ ቀን እሷ ራሷ ጀመረችው፤ በፍቅር ነው የተናገረችው፣ እኔ ምስክር ነኝ። «ሸሀታ፣ ከመናገርህ በፊት ዓይን ዓይኔን እየኝ፤ ወለሉን አትይ፤ የቀረው ራሱ ይመጣል» አለችው። «ደግሞ አንቺ ልታስተምሪኝ?» አለና እስከ ቤት ድረስ ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ። ተናደድኩበት። በጣም ነበር የተናደድኩበት።

የፍቺው ትዕይንት ቀን ደረሰ። በእኛ ዘንድ ይህ ትዕይንት እንደ ሌላው አይደለም። ፍቺ በቀልድ የተባለም ቢሆን ይጸናል የሚባል ነገር ስላለ ሰው ይፈራል። ስለዚህ ደራሲው የሚስቲቱን ስም ከነአባቷ ይጽፋል፤ ተዋናዩ ያን የተረት ስም አፉን ሞልቶ ይጠራል፤ ልክ «ካት» ሲባል ወደ ተዋናይቱ ዞሮ አላህን ማረኝ ይላል፤ እሷም ስቃ «ቤትህ ይቁም» ትለዋለች። በእውነት የተጋቡ ሰዎችን ደግሞ የድሮ ዳይሬክተሮች ለዚህ ትዕይንት በምንም ተአምር አያቆሟቸውም ነበር። የመብራት ሠራተኛው ይህን ለሃኒ ነገረው። ሃኒ «የተረቱን ስም እስከጠራ ድረስ ምን ችግር አለው?» አለ። ጊዜ አልነበረውም፤ ድራማው በየማታው እየተላለፈ እኛ የሚቀጥለውን እየቀረጽን ነበር።

ለማፍጠር ጥቂት የቀረበት ሰዓት ነው። ሁሉም ተርቧል፣ ተጠምቷል፣ ሁሉም ነጭናጫ ሆኗል። ሸሀታ ማለት ያለበት «ሰኒያ የሙርሲ ልጅ፣ ፈትቼሻለሁ» ነበር። ሁለት ጊዜ አለው፤ ሁለቱንም ጊዜ የአሌክሳንድርያ ባቡር ሊነሳ ነው የሚል መሰለ። ሃኒ ተነፈሰና ካሜራውን ወደ ኢንሺራሕ አዞረው፤ ቢያንስ የእሷን ፊት ልያዝ ብሎ። ሸሀታ ካሜራው ሲዞር አየ። በሦስተኛው ጊዜ ወደ እሷ ተጠጋ። ወለሉን አላየም፤ ዓይን ዓይኗን አያት። ዝቅ ባለ፣ ሰምቼበት በማላውቀው ድምፅ «ኢንሺራሕ፣ ፈትቼሻለሁ» አላት።

እሷ ጠረጴዛውን ያዝ አደረገችው። ካሜራው ቀስ ብሎ ወደ እሱ ዞረ፤ ቅንድቡ ሥር ዓይኖቹ እርጥብ ነበሩ፣ ክፉም ነበሩ። ሃኒ «ካት» ሲል ጭብጨባው ቤቱን አናወጠው። ሸሀታ በዕድሜው ተጨብጭቦለት አያውቅም። እንደ ሕፃን ፈገግ ብሎ ወዲያ ወዲህ ተመለከተ። አላህን ማረኝ ማለቱን ረሳው። ኢንሺራሕም አልሳቀችም፤ መጎናጸፊያዋን አንስታ ወጣች። ቀረጻው ላይ ስሟን በኋላ ሲጢጥ በሚል የበር ድምፅ ሸፈኑት።

ትዕይንቱ በተላለፈ ማግሥት ሸሀታ ስም አገኘ። ጋዜጣው «ይህ ሰው እስከ ዛሬ የት ተደብቆ ነበር?» ብሎ ጻፈ። ሰፈር ውስጥ አትክልት ሻጩ «አንተ ጨካኝ፣ እሷን የመሰለች ሴት ትፈታለህ? ቲማቲም አልሸጥልህም!» እያለ ይቀልድበታል። ቡና ቤት ሲገባ ሰው ይነሳለታል። ሸሀታ ለሁሉም አንገቱን ዝቅ ያደርግና ወደ ቤቱ ይገባል። ቤት ውስጥ ኢንሺራሕ ፀጉሯን ተሸፋፍና ትጠብቀዋለች። በገዛ ማድ ቤቷ ውስጥ፣ ለባዕድ ወንድ እንደምትሸፈን ተሸፍና ምግቡን ታቀርብለታለች፤ ከዚያም የነጅላ ክፍል ገብታ በሩን ትዘጋለች። ስትናገረው አንድ ነገር ብቻ ነው የምትለው፤ «ሸይኽ ይምጣና ይፍረድ።»

ሸይኽ ዐብዱልዓጢ ከሰዓት በኋላ ዐስር ሰላታቸውን ሰግደው መጡ። እኔም ቀረጻው ላይ ስለነበርኩ ተጠራሁ። ሸይኹ መልካም ሰው ናቸው፤ ድራማውንም አይተውት ኖሮ ሲቀመጡ ባለቤታቸው እንዳለቀሰች ነገሩን። ከዚያ ነገሩን ቀለል አድርገው ጀመሩ። ሌላ ሰው የጻፈውን የሚያነብ ሰው ሚስቱን አልፈታም አሉ፤ ስም ከምላሱ ያመለጠውም እንደዚሁ። ወደ ሸሀታ ዞረው «እና ልጄ፣ ስሟ አምልጦህ ነው?» አሉት።

«አምልጦኝ ነው።»

«ስትተውን ነበር?»

«ስተውን ነበር።»

ሸይኹ እጃቸውን ጭናቸው ላይ መታ አደረጉ፤ አለቀ ማለታቸው ነው። ኢንሺራሕ ግን ከመቀመጫዋ ሳትነሳ ተናገረች።

«ሸይኻችን፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና ይህን ሰው ከእኔ በላይ ያየው የለም። እሱ መተወን አይችልም።»

ሸሀታ ቀና አለ። እኔ ምንጣፉ ላይ ያለውን አበባ ማየት ጀመርኩ።

«ሁሌ ጎበዝ ነህ የምለው ስለምወደው ነው» አለች። «ለእኔ መቼ ጎበዝ መሆን ነበረበት? ያን ቀን ግን ጎበዝ ነበር። አገር በሙሉ አይቶታል። እንግዲያው ሲተውን አልነበረማ።»

«ኢንሺራሕ፣ ሰው ፊት...» አለ ሸሀታ።

«ስትተውን ከነበረ ድገመው። እኔን አትበለኝ፤ ያው መሕሩስ ተቀምጧል፣ ለእሱ በለው። የሰኒያን ስም ጥራና እንደዚያ ቀን አድርገህ በለው፤ እኔ ይቅርታ እጠይቅሃለሁ።»

ሸይኹ ሊከለክሉ እጃቸውን አንስተው መልሰው አወረዱት። ሸሀታ ተነሳ። ኮቱን አስተካከለ፣ ጉሮሮውን ጠረገ። ፊት ለፊቴ ቆመና ዓይኔን አየኝ። ወዳጄ ነው፤ አምላኬ ሆይ ዛሬ ብቻ አግዘው ብዬ ለመንኩ። «ሰኒያ የሙርሲ ልጅ፣ ፈትቼሻለሁ» አለኝ። ያው ባቡር ጣቢያ። ሸይኹ አሳላቸው። እሱ ራሱም ሰማው፤ ያን ጊዜ ይመስለኛል በዕድሜው ለመጀመሪያ ጊዜ የራሱን ድምፅ የሰማው። ፊቱ ላይ ያየሁትን በየትኛውም ቀለም አልሠራውም።

ተቀመጠ።

«አልተወንኩም» አለ። «ቀናሁ። ሲያጨበጭቡላት ቀናሁ። ካሜራውን ከእኔ ላይ ሲያዞሩት ከዓይኔ ብትጠፋ ብዬ ተመኘሁ። ለሰኒያ አይደለም ያልኩት፤ ለእሷ ነው።»

ኢንሺራሕ ዓይኗን ጨፈነች። ሸይኹ ጢማቸውን እየዳበሱ ቆዩና እንግዲያው አንድ ፍቺ ሆኗል አሉ። ግን የሚመለስ ነገር ነው፤ ሦስት ወር እስኪሞላ ባልየው «መልሼሻለሁ» ካላት ሚስቱ ናት፤ ሦስቱ ወር ካለፈ በአዲስ የጋብቻ ውል፣ በአዲስ ኒካሕ፣ በእሷም ፈቃድ ካልሆነ አይሆንም። «በል፣ አሁኑኑ በላትና ሻያችንን እንጠጣ» አሉት።

ሸሀታ ወደ እሷ ዞረ። አፉን ከፈተ።

«በየትኛው ድምፅህ ነው የምትለው?» አለችው። ክፋት አልነበረበትም፤ ጥያቄ ነበር።

አፉን መልሶ ዘጋው። ከዚያ ተነሳና ጫማውን አድርጎ ወጣ። ቤቱን ለእሷ ትቶ እኔ ዘንድ መጣ፤ እኔ ሚስቴ ከሞተች ወዲህ ብቻዬን ነው የምኖረው።

ጠዋት ጠዋት ጢሜን የምላጭበት መስታወት ፊት አገኘዋለሁ። «መልሼሻለሁ» ይላል። ቅንድቡን ዝቅ አድርጎ ይላል፣ ከፍ አድርጎ ይላል፣ ቀስ ብሎ ይላል፣ እንባ ሊያስመጣ እየሞከረ ይላል። «እንዴት ነው?» ይለኛል። እኔ እንደ ኢንሺራሕ ደግ አይደለሁም፤ «ሰውዬ፣ ሂድና በላት፤ የምትሄደው ለውድድር አይደለም» እለዋለሁ። «አንተ ምን ታውቃለህ! እሷ ታውቃለች። አንዴ ውሸት ከመሰላት አለቀልኝ» ይለኛል። መልሶ ወደ መስታወቱ። የምወደውን ሰው አንገት ማነቅ ያማረኝ ያኔ ነው።

በዚህ መሐል ሥራ እንደ ጉድ መጣለት። ሁሉም ሚስት እንዲፈታላቸው ነው የሚፈልጉት። አንዱን ተቀበለ። አብሬው ሄድኩና ጢም ለጠፍኩለት። ካሜራው ፊት ቆሞ ለአንዲት ወጣት ተዋናይት «ፈትቼሻለሁ» ሲላት ዳይሬክተሩ ወደ እኔ ዞሮ በዓይኑ «ምን ሆኗል?» አለኝ። ምንም አልሆነም፤ ሸሀታ ማለት እኮ ይኼ ነው። ከዚያ በኋላ ጥሪው ቀስ በቀስ ቆመ። ቡና ቤት የሚነሳለትም ሰው አነሰ። ለእሱ ይህ አሁን ግድ አልሰጠውም፤ መስታወቱን ብቻ ነው የያዘው።

አንድ ቀን ፊቱን ታጥቦ፣ ሽቶ ተቀብቶ «ዛሬ ሄድኩ» አለኝ። ደስ ብሎኝ እስከ ሕንፃው በር ሸኘሁት። ሳይቆይ ተመለሰ። ደረጃውን ወጥቶ፣ በሩ ላይ ደርሶ፣ ሬዲዮዋን ከውስጥ ሲሰማ እጁ አልታዘዝ ብሎት ወርዷል። «ገና አልሆነልኝም» አለኝ። «ትንሽ ቀን ስጠኝ።» ቀኑን የምሰጠው እኔ ይመስል!

ሦስቱ ወር አለቀ። ሸይኽ ዐብዱልዓጢ መስጊድ በር ላይ አገኙኝና እጄን ጨብጠው ያዙኝ። ማታ ለሸሀታ ስነግረው መስታወቱ ፊት ነበር። «ነገ ልላት ነበር» አለ። የዋሸ አይመስለኝም፤ ነገ ሁልጊዜም ነገ ነበረች።

ብርድ ሲገባ ወፍራም ልብሶቹን ላመጣለት ወደ ኢንሺራሕ ሄድኩ። ሁሉንም ተኩሳ፣ አጣጥፋ፣ ሻንጣ ውስጥ አዘጋጅታው አገኘኋት። ሻይ ሰጠችኝ። ስለ እሱ ጠየቀችኝ፤ ይበላል ወይ፣ ይተኛል ወይ አለች። እየተለማመደ እንደነበር ነገርኳት፤ በየጠዋቱ፣ መስታወት ፊት፣ ያችን አንዲት ቃል። የሻይ ብርጭቆዋን አስቀመጠች።

«ደጃፌ ድረስ መጥቶ እንደነበር አውቃለሁ» አለችኝ። «ሽቶው በበሩ ሥር ገብቶ ነበር። እኔም ከበሩ ወዲህ ቆሜ እጠብቅ ነበር።»

አዲስ ኒካሕ ማሰር እኮ አሁንም ይቻላል አልኳት።

«አንዲት ቃል ያልወጣው ሰው ኒካሕ ላይ ስንት ቃል እንዳለ ታውቃለህ?» አለችና ፈገግ አለች። ፈገግታዋ ግን ወዲያው ጠፋ። ሻንጣውን ዘግታ ወደ እኔ ገፋ አደረገችው።

«እኔ በየትኛው ድምፅህ ብዬ ጠየቅኩት እንጂ አዲስ ድምፅ ይዘህ ና አላልኩትም» አለች። «በዚያ በደረቁ ድምፁ ቢለኝ በሩን እከፍትለት ነበር። ዕድሜዬን በሙሉ ስሰማው የኖርኩት እሱን አይደል እንዴ፣ መሕሩስ?»